በክርስትና ስማቸው የፈረሙ ሰዎች

ሰቆጣ ተወልጄ ያደግሁ ነኝ። እናቴ በሰው ፊት «ይችን ስወልዳት በርበሬ እየደለዝሁ ነበር» እያለች ታሾፍብኛለች፤ ቁጣዬ ከየት እንደመጣ ማስረዳቷ ነው። አልዋሸችም። ነገር ቶሎ ይቆረቁረኛል፤ ከቆረቆረኝ ደግሞ ዝም ማለት አልችልበትም። በዘጠናዎቹ አጋማሽ ከአንድ የወረዳ ምክር ቤት ጽሕፈት ቤት ስቀጠር አለቃዬ በመጀመሪያው ቀን ያስጠነቀቀኝ ስለ ሥራው ሳይሆን ስለ አፌ ነበር። ሥራው ቀላል ነው፤ ቃለ ጉባኤ መጻፍ፣ አቤቱታ መቀበል፣ መዝገብ ማስቀመጥ። አፍ መያዙ ነው ያስቸገረኝ።

አቤት ባይ የማይጠፋበት ቢሮ ነበር። ከሁሉም የማትጠፋው ግን አንዲት ሴት ነበረች። ገበያ በዋለ ቁጥር ከጋዝጊብላ በኩል በእግሯ ትመጣና ከበራችን አጠገብ ካለው ድንጋይ ላይ ነጠላዋን አጣፍታ ትቀመጣለች። የማንንም ስም መጥራት ስለማልፈልግ እሷን ባለመሬቷ እላታለሁ፤ ምንም እንኳ ያን ጊዜ መሬቷ በእጇ ባይሆንም።

ባሏ ከሞተ ቆይቷል። ያለቻት አንዲት ልጅ ሳንባዋን ታማ በቃሬዛ ሰቆጣ ሆስፒታል ስትገባ እናት ቤቷን ዘግታ ተከተለቻት። ሕክምናው ረዘመ። ሁለት ክረምት ሙሉ በሰው ቤት ልብስ እያጠበች፣ ውሃ እየቀዳች ልጇን አስታመመች። እግዜር ይመስገን፣ ልጅቱ ዳነች። አገራቸው ሲመለሱ ግን ማሳቸው በሌላ ሰው በሬ ታርሶ፣ ገብስ በቅሎበት አገኙት። የቀበሌው ሊቀ መንበር «ቀበሌውን ለቃ የወጣች» ብሎ አስጽፎ መሬቱን ለሚስቱ ወንድም ሰጥቶታል። ከሞኝ ደጃፍ ሞፈር ይቆረጣል ይባል የለ። እሷ ግን ሞኝ አልነበረችም፤ ብቻዋን ነበረች እንጂ።

ስለ ሊቀ መንበሩም እውነቱን ልናገር። ክፉ ሆኖ የተወለደ ሰው አይደለም። ሰዉ ራሱ እጁን አውጥቶ ነው የመረጠው፤ ምንጭ አስጠርጓል፣ የትምህርት ቤቱን ጣራ ቆርቆሮ አስመትቷል። ወንበሩ የጣመው ኋላ ነው። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የምትባለው ተረት ስንቱን አበላሸች መሰላችሁ። መጀመሪያ ለዘመድ ትንሽ፣ ቀጥሎ ለራስ ትንሽ፣ ከዚያ ማን ይጠይቀኛል ይመጣል። የባለመሬቷ ማሳ ሲሄድ ግን ጎረቤት ሁሉ ደነገጠ። የእነሱም ልጆች ወይ ሁመራ ወይ ዓረብ አገር ናቸው፤ እነሱም አንድ ቀን ታመው ሰቆጣ ሊተኙ ይችላሉ። ነገ በእኛ ነው አሉና፣ የመረጥነውን እናወርዳለን ብለው ተነሡ። ሕጉ ይፈቅድላቸዋል። በቂ ሰው ከፈረመና ወረዳው ፊርማውን አጣርቶ ካረጋገጠ ስብሰባ ይጠራል፣ ሕዝቡም ድምፅ ይሰጣል።

ጊዜ ግን አልነበረም። ከፋሲካ በኋላ የመሬት ለኪዎች ወደዚያ ቀበሌ ይወጣሉ ተብሏል። ለኪ ሲመጣ ማሳው በማን እጅ እንዳለ አይቶ፣ ቀበሌውን ጠይቆ በደብተር ይጽፋል። አንዴ በሚስቱ ወንድም ስም ከተጻፈ በኋላ ባለመሬቷ ዕድሜዋን ሙሉ ፍርድ ቤት ብትመላለስ ወፍ የለም። ሊቀ መንበሩ ከዚያ በፊት ካልወረደ መሬቷ ሄደ ማለት ነው። ይህን እሷም ታውቃለች፣ እኔም አውቃለሁ።

አቤቱታው ዓቢይ ጾም እንደገባ መጣ። ያማረ የእጅ ጽሑፍ፣ ከየስሙ አጠገብ ሰማያዊ የአውራ ጣት አሻራ። ደስ አለኝ። የቀበሌውን የነዋሪዎች መዝገብ አውጥቼ ማመሳከር ጀመርሁ። የመጀመሪያው ስም የለም። ሁለተኛውም የለም። ገጹን ገለበጥሁ፤ እዚያም ከመዝገቡ ጋር የሚገጥም አንድ ሰው ጠፋ። ለካ ሊቀ መንበሩ ቀድሞኝ ቢሮ ገብቶ ወረቀቱን አይቶ ኖሯል። የሌለ ሰው ነው ያስፈረሙብኝ፣ መዝገቡ ይመስክር ብሎ ለአለቃዬ ነግሮታል። አለቃዬም ፊርማው ሐሰተኛ ነው የሚል ደብዳቤ ጽፌ ነገሩን እንድዘጋው አዘዘኝ።

ልጽፍ ተቀምጬ ስሞቹን እንደገና ስመለከታቸው ነው የገባኝ። ሁሉም በገብረ፣ በወልደ፣ በኃይለ፣ በወለተ፣ በአመተ የሚጀምሩ ናቸው። እንዲህ የሚባል ሰው መቼም አይጠፋም፤ አንድ ቀበሌ በሙሉ ግን እንዲህ አይባልም። ሰዎቹ የፈረሙት በክርስትና ስማቸው ነው።

መጀመሪያ ሣቄ መጣ፤ ቀጥሎ ሣቄ ቆመ። ላላወቀ ልንገር። የክርስትና ስም ወንዱን በአርባ፣ ሴቷን በሰማንያ ቀን ካህኑ የሚያወጣላቸው ስም ነው። በእሱ ይቆረባል፣ በእሱ ይጸለያል፣ ሲሞቱም ፍትሐቱ የሚደርሰው በእሱ ነው። ሜዳ ላይ አይወራም። ወላጅና ነፍስ አባት ያውቁታል፤ ሌላ ሰው ካወቀው መተት ያሠራበታል ተብሎ ይፈራል። በአንድ አልጋ እየተኙ ስማቸውን የማይነጋገሩ ባልና ሚስት አውቃለሁ። ሊቀ መንበሩም የዚያው አገር ሰው ነው፤ ነገሩ ከእኔ በፊት ገብቶታል። ስሞቹን አይቷል፤ የትኛው የማን እንደሆነ ግን አያውቅም። ምስጢሩ ያለው እዚያ ላይ ነው።

አለቃዬ ዘንድ ገብቼ ስነግረው እሱም ሣቀ፤ ክርስቲያን ነውና ገባው። ግን በሣቅ ፊርማ አይጸድቅም አለኝ። መዝገብ ላይ የሌለ ስም መራጭ አይደለም። ታዲያ እኔ መንደሩ ድረስ ብሄድና ሰው በአካሉ ቀርቦ ይህ ስም የእኔ ነው፣ ይህም ጣት የእኔ ነው ቢልስ? ብዬ ሞገትሁት። ብዙ ሞገትሁት፤ ድምፄም ከፍ ሳይል አልቀረም። በመጨረሻ እሺ አለ። እያንዳንዱ ሰው መዝገብ ላይ ያለውን ስሙንም የፈረመበትንም ስም ከተናገረ ይቆጠራል፤ ግን ሊቀ መንበሩ ባለበት መሆን አለበት፤ ሰው በሌለበት ማስረጃ አይሰማበትም። እኔ ፈቃድ ባገኘሁበት ደስታ ይህችን የመጨረሻዋን ነገር ልብ ሳልላት ወጣሁ።

አብረውኝ የተላኩት ጡረታቸው የደረሰ ሽማግሌ ባልደረባዬ ነበሩ። ጭነት መኪና መንገዱ እስካለበት አደረሰን፤ ከዚያ በኋላ ያለው በእግር ነው። ቁልቁለቱን ወርደን፣ አሸዋማውን ወንዝ ተሻግረን ዳገቱን ስንያያዘው ሽማግሌው ወደ ኋላ መቅረት ጀመሩ። በየድንጋዩ እያረፉ፣ ቆሎ እየቆረጠሙ፣ ቁጡ ሴት ተከትሎ ዳገት መውጣት ለንስሐ ይቆጠርልኝ ይሆን እያሉ ይቀልዱብኛል። እኔ ደግሞ ጋሼ፣ ለእርስዎ ኃጢአት ይህ ዳገት አይበቃም እላቸዋለሁ። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከመንደሩ ደረስንና ቄሱ ቤት አደርን።

አቤቱታውን የጻፉት እኒሁ ቄስ ናቸው፤ የመንደሩ የአብዛኛው ሰው ነፍስ አባት። እግራችንን አሳጥበው፣ የምስር ወጥ አቀረቡልን። እኔ ቁራሼን ሳልውጥ አባቴ ምነው እንዲህ ያለ ሥራ ሠሩ አልኋቸው። ሰዉ በየተራ ከቤታቸው እየመጣ ሲፈርም ስሙን የጻፉት እሳቸው ናቸው፤ መጠየቅም አላስፈለጋቸውም፣ የሁሉንም ያውቁታል። ሰዉ ገበያ ላይ የሚጠራበት ስም ትዝም አላላቸው። አንገታቸውን ደፉ።

«መንግሥትን ንቄ አይደለም፣ ልጄ» አሉኝ። «እኔ ዕድሜዬን ሙሉ የሰው ስም የጻፍሁት ለጸሎት ነው። እውነት ሊናገሩ ሲመጡ ደግሞ እግዜር በሚያውቃቸው ስም ይሁን ብዬ ነው።»

 ቁራሼን ዋጥሁ። ባልደረባዬ ግን መንግሥትም እግዜር የሚያውቀውን ሁሉ ቢያውቅ እኛ ዳገት ባልወጣን ነበር አሉና ቄሱን አሣቋቸው።

በማግሥቱ ቅዳሴ ካለቀ በኋላ ሕዝቡ ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ውጭ፣ ከወይራው ጥላ ተሰበሰበ። ወንዱ በአንድ በኩል፣ ሴቱ በአንድ በኩል። ጠረጴዛ ከትምህርት ቤቱ ተሸክመው አመጡልን። ሊቀ መንበሩም መጣ፤ ንጹሕ ጋቢ ለብሷል፣ ሰላምታውም ጨዋ ነው። እኔ የመጣንበትን በአማርኛ ተናገርሁ፤ አሮጊቶቹ እንዲገባቸው ደግሞ እናቴ ባስተማረችኝ በአገራችን አገውኛ፣ በኽምጣንጋ ደገምሁት። እያንዳንዱ ሰው እዚህ ቀርቦ በየትኛው ስም እንደፈረመ ይናገር አልሁ።

 ጉባኤው ሁሉ መሬት መሬት ያያል። ያን ጊዜ ነው አለቃዬ የጨመራት ቃል ትዝ ያለችኝ። ሊቀ መንበሩ ከጠረጴዛው አጠገብ እጁን አጣምሮ ቆሟል። ጠላቴ ነው ብለው በፈረሙበት ሰው ፊት፣ ለሚስታቸው እንኳ ያልነገሩትን ስም እንዲናገሩ ነው የጠየቅኋቸው። እሱም ይህን አውቆ፣ ረጋ ባለ ድምፅ፣ እኔ ቅር አይለኝም፣ ስሙ የእናንተ ከሆነ በየተራ ቁሙና በሕዝብ ፊት ተናገሩ አለ። ደግሞም ፈገግ አለ። ደሜ ፈላ። ያን ፈገግታ በጥፊ ባጠፋሁት ደስታዬ ነበር፤ ነገር ግን የመንግሥት ሠራተኛ ነኝ።

 አንድም ሰው አልተነሣም። አንዳንዱ ዱላውን አንሥቶ ለመሄድ ሲያመቻች አየሁ። ባልደረባዬ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው ልጄ፣ ሰውን በነፍሱ አናስገድደውም፣ ብንመለስ ይሻላል አሉኝ። ብንመለስ መሬቷ ሄደ። ባለመሬቷን በዓይኔ ፈለግኋት። ከሴቶቹ መጨረሻ ተቀምጣ ነበር። ተነሣች።

ወደ ጠረጴዛው አልመጣችም። እዚያው በቆመችበት፣ ሁሉም በሚሰማት ድምፅ መጀመሪያ የመዝገብ ስሟን፣ ቀጥላ የክርስትና ስሟን ተናገረች። እሱን እዚህ አልጽፈውም። ከሴቶቹ አንዷ ውይ ብላ አፏን ያዘች። ባለመሬቷ ወደ ሊቀ መንበሩ ዞረች።

«ስሞት ቄሱ በዚህ ስም ይጠሩኛል፤ ያን ጊዜ አንተም ቀብር ላይ ቆመህ ትሰማዋለህ» አለችው። «እስከዚያ ምን አቆየኝ? በቁሜ ስማው።»

እንባዬ መጣ፤ አልዋሽም። ሊቀ መንበሩ ግን አንድ ሰው ሆነ፣ ቀጥሉ አለ። አሁንም የሚነሣ ጠፋ። የእሷ ድፍረት ለእሷ ነው፤ ፍርሃትን በሌላ ሰው ድፍረት ማባረር እንደማይቻል ያን ቀን አየሁ። እኔም ወረቀቴን መሰብሰብ ጀመርሁ።

በዚህ መሐል ከወይራው ግንድ የተደገፉ አንድ ሽማግሌ ምርኩዛቸውን ተክለው ተነሡ። ዓይናቸው ደክሟል፤ አንድ ጎልማሳ ክንዳቸውን ይዞ ወደ ፊት አመጣቸው። ሕዝቡ መንገድ ለቀቀላቸው። ሊቀ መንበሩም ሲያያቸው ጋቢውን ከትከሻው አወረደ፤ የክርስትና አባቱ ናቸው። የእሳቸውም አሻራ አቤቱታው ላይ እንዳለ ገና ያን ጊዜ ነው ያወቀው። ፊቱ ሲለዋወጥ አየሁት።

«ክርስትና ያነሣሁህ እኔ ነኝ» አሉት። «የእነሱን ስም ልትሰማ ቆመሃል፤ ያንተን የማውቅ እኔ አለሁ። እስከ ዛሬ ለማንም አልተነፈስሁም፣ ዛሬም አልናገረውም፤ የሰው ስም ሜዳ አይጣልም። አንተም የሰው አትስማ። ዞር በል፣ ልጄ።»

አልተቆጡትም። ልጅ ሳለ እሳት ሲቀርብ እንዳሉት ዓይነት ነው ያሉት። ከሰዉ መሐል ሣቅ የመሰለ ነገር ተሰማና ወዲያው ጠፋ። ሊቀ መንበሩ አፉን ከፈተ፤ ሕጉን ሊጠቅስ ይመስለኛል። ሽማግሌው ግን ቆመው ይጠብቁታል። እሱም ጎንበስ ብሎ ጉልበታቸውን ነካና እሺ አባቴ አለ። ሄዶ ድንጋይ ቢወረውሩ የሚደርስበት ያህል ርቆ፣ ከአጥሩ ሥር ቆመ።

ባልደረባዬ ወዲያው ነገሩን በሥርዓት አሰሩት፤ ለዚህ ለዚህ ሽማግሌ ይዞ መምጣት ጥሩ ነው። ሊቀ መንበሩ ካለበት ሆኖ የሚቀርበውን ሰው ሁሉ በዓይኑ ያያል፤ የመዝገብ ስሙም ጮክ ተብሎ ይጠራለታል። የማያውቀው ሰው ከሆነ እጁን አንሥቶ ይቃወማል። የክርስትና ስማቸውን ግን ለእኔ ብቻ በጆሮዬ ይነግሩኛል፤ አሻራቸውንም ከድሮው ጎን ደግመው ያሳርፋሉ። ሊቀ መንበሩ ሲጠየቅ ራሱን በእሺታ ነቀነቀ። ይህም በቃለ ጉባኤ ተጻፈ።

መጀመሪያ የቀረቡት የክርስትና አባቱ ሽማግሌ ሆኑ። ከዚያ በኋላ ሰልፉ እስከ ቤተ ክርስቲያኑ በር ደረሰ። ጎንበስ እያሉ በጆሮዬ ይተነፍሳሉ፤ አንዱ ነጭ ሽንኩርት፣ አንዱ ጠላ፣ አንዱ የጾም ባዶ ሆድ ይሸታል። ጆሮዬ ጋለ። አንድ አዛውንት ጎንበስ ካሉ በኋላ ቀና ብለው ረሳሁት አሉ፤ ኃይለ ነው ወይስ ወልደ ነው እያሉ ቄሱ ዘንድ ሄደው አስታውሰው ተመለሱ። አንዱ ጎልማሳ ደግሞ ሚስቱ ከኋላው ተሰልፋ ስለነበር እሷም ትራቅልኝ አለኝ። ምን ልታደርግህ ነው? ብዬ ስጠይቀው፣ አንቺ አታውቂያትም፣ አለኝ። ሚስቱም ተራዋ ሲደርስ እሱ እንዲርቅ አደረገች። አንድ ወጣት ዓረብ አገር ላለው ወንድሙም ጭምር ፈርሞ አገኘሁት፤ የወንድሙን ሰረዝሁበት። ይጨቃጨቀኝ ጀመር። ወንድምህ ጣቱን ከዚያ ልኮልህ ነው ወይ? ስለው ሰልፉ ሣቀበትና ሄደ። ከግማሽ መንገድ የተመለሱም ነበሩ፤ አልፈረድሁባቸውም። አንዲት ሴት አጠገቤ ደርሳ አልችልም አለችኝና እጄን ጨብጣኝ ሄደች።

ያ ሁሉ ስም በጆሮዬ ሲገባ ምን ተሰማኝ ብባል ፍርሃት ነው እላለሁ። ሰቆጣ ያለች አንዲት የቢሮ ሴት የመንደር ሙሉ ነፍስ አደራ ተሸከመች። እኔ እናቴ የላከችኝን ጨው ይዤ መመለስ የምረሳ ሰው። እስከ ዛሬ አንዱንም ለማንም አልተነፈስሁም፤ ዕድሜም ረድቶኝ አብዛኛውን ረስቼዋለሁ። ወረቀቱም በታሸገ ፖስታ ነው ወረዳ የገባው።

ሊቀ መንበሩ እስከ መጨረሻው እጁን አላነሣም። የተረጋገጠው ፊርማ በቂ ሆነ። አለቃዬ ቃለ ጉባኤውን አንብቦ «ጮክ ተብሎ» እና «በጆሮ» የሚሉትን ቃላት ሁለቴ አየና ማኅተሙን መታበት። ከሆሳዕና በፊት ስብሰባው ተጠራ፣ ሰዉ እጁን አወጣ፣ ሊቀ መንበሩ ወረደ። አዲሱ የቀበሌ አስተዳደር መጀመሪያ የሠራው ሥራ «ለቃ የወጣች» የምትለዋን ውሳኔ መሻር ነበር። የሚስቱ ወንድምም ከጀርባው የሚቆምለት ሲጠፋ ማሳውን ለቀቀ።

ነገሩ ግን ገና አላለቀም። ከፋሲካ በኋላ ለኪዎቹ ሲወጡ ቃለ ጉባኤ ያዥ ሆኜ አብሬያቸው ሄድሁ። የአለካኩ ደንብ አንድ ነው፤ የማሳው አዋሳኞች ሁሉ ቆመው ወሰኑን ያሳያሉ፣ ይፈርማሉ። አንዱ አዋሳኝ ካልፈረመ ማሳው ክርክር ያለበት ነው ተብሎ ይታለፋል፤ የይዞታ ደብተር አይሰጠውም። የባለመሬቷ ማሳ በምሥራቅ በኩል የሚዋሰነው ማንን መሰላችሁ? የቀድሞውን ሊቀ መንበር ነው።

ጠዋት ቤቷ ስደርስ ይህን ስሰማ ራሴን ያዝሁ። ይህ ሰው በምን አንጀቱ ይፈርማል? ጭራሽ በፋሲካ ማግሥት ድፎ ዳቦ ይዛ ቤቱ ድረስ ሄዳ እንኳን አደረሳችሁ እንዳለችው ጎረቤቶቿ ነገሩኝ። እንደ ልማዴ ተናደድሁ። እትዬ፣ መሬትዎን ለነጠቀ ሰው ዳቦ ይሸከማሉ? አልኋት። ድስቷን ከማማሰል ቀና ሳትል መለሰችልኝ።

«እኛ ያወረድነው ከወንበር ነው እንጂ ከአገር አላስወጣነውም። ነገ በሬዬ ገደል ቢገባ የሚጮህልኝ እሱ ነው።»

መዝገቤን አንሥቼ ወደ ማሳው ሄድሁ። 

ለኪዎቹ ገመዳቸውን ዘረጉ። በሰሜንና በምዕራብ፣ በደቡብም ያሉት አዋሳኞች ፈረሙ። በምሥራቅ ሰው የለም። ጠበቅን። ለኪው ሰዓቱን ያያል፤ እኔ ባለመሬቷን አላይም፣ ማየት አልቻልሁም። ፀሐይ ከበረታች በኋላ ከታች ከጎድጓዳው መፋቂያውን እያኘከ፣ ቀስ ብሎ ሲወጣ አየነው። ሰላምታ ሰጠ። ሲመራበት የነበረው ጠረጴዛ ከፊቱ የለም፤ ጋቢው ያረጀ ነው። ለኪው የወሰኑን ድንጋይ አመልክቶ ይህ ነው ብለው ይፈርማሉ? አለው። ድንጋዩን አየ። 

«ይህ አይደለም» አለ።

 ባለመሬቷ እጇን አገጯ ላይ አደረገች። እኔ አፌን ልከፍት ስል ሰውየው ተራመደ፤ ወደ እሷ ማሳ ሳይሆን ወደ ገዛ ማሳው ሁለት ሦስት ትልም ያህል ገባና በእግሩ አፈሩን ገለጥ ገለጥ አደረገ። ከሥር ግማሹ የተቀበረ የድሮ የወሰን ድንጋይ ታየ።

«የባሏ አባት ያቆሙት ይህ ነው» አለ። «ያኛውን ያመጣሁት እኔ ነኝ።»

 ለኪው ገመዱን አነሣና እዚያ ወስዶ ዘረጋው። ሰውየው እስክሪብቶ ተቀብሎ በሙሉ ስሙ፣ ሊቀ መንበር ሳለ በሚፈርመው በዚያው ፊርማ ፈረመ። ፊርማውን አውቀዋለሁ፤ በስንት የቀበሌ ደብዳቤ ላይ አይቼዋለሁ። ትክክል ነው ብዬ ከሥሩ ፈረምሁ። ማሳው በባለመሬቷ ስም ተጻፈ።

አላለቀሰችም። ነጠላዋን አስተካክላ ለኪዎቹን፣ አዋሳኞቹን፣ እኔን፣ ምሳ ደርሷል ግቡ አለች። እሱን ግን ለብቻው ጠራችው። አይ፣ ከብት አለብኝ አለና ዞረ። ሄደች፣ ጋቢውን ጫፉን ይዛ መለሰችው። ከደጇ ላይ ቆመና ወደ እኛ አየ፤ በተለይ ወደ እኔ መሰለኝ። ከሰዉ ሁሉ ይህን ሰው አሁንም ተቆጥቶት የቀረ እኔ ብቻ እንደሆንሁ ያን ጊዜ ታወቀኝ። ጫማውን አውልቆ ገባ። እኔም ተከትዬ ገባሁ፤ ርቦኝም ነበር።